ከ«እነሱ» ወደ «እኛ»፦ የአካል ጉዳተኞች የመብት ትግልና የዘጋቢ ፊልም ተራኪ

1. መግቢያ

በልቦለድ ጥናት ከሚነሡት ጥያቄዎች ቀዳሚው «ታሪኩን የሚነግረን ማን ነው?» የሚለው ነው። ተራኪው በአንደኛ መደብ ይናገራል ወይስ በሦስተኛ? ሁሉን አወቅ ነው ወይስ ያየውን ብቻ የሚመሰክር? ይህ ጥያቄ ወደ ዘጋቢ ፊልም ሲመጣ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። ዘጋቢ ፊልም እውነተኛ ሰውና እውነተኛ ቦታ ስለሚያሳይ ካሜራው በራሱ የሚናገር፣ ተራኪ የማያሻው ይመስላል። ይሁን እንጂ ካሜራውን የተከለ፣ ከብዙ ሰዓት ቅጂ ውስጥ ጥቂቱን የመረጠ፣ የተናጋሪውን ቃል የት ላይ መቁረጥ እንዳለበት የወሰነ ሰው ምንጊዜም አለ። ተራኪ ማለትም እሱ ነው።

ጥያቄው ክብደት ከሚያገኝባቸው ጉዳዮች አንዱ የአካል ጉዳተኞች አሳሳል ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህን አሳሳል በጥቂት ዘጋቢ ፊልሞች ታሪክ ውስጥ መከታተል ነው። በአመዛኙ የምናተኩረው በአሜሪካ ላይ ይሆናል፤ በዚያ አገር በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ ካሜራው፣ ፍርድ ቤቱና ሰላማዊ ሰልፉ በአንድ ጉዳይ ላይ ተገናኝተዋልና። የጽሑፉ መከራከሪያ በአጭሩ የሚከተለው ነው። ስለ አካል ጉዳተኞች በሦስተኛ መደብ የተሠሩ ፊልሞች የተዘጉ በሮችን አስከፍተዋል፤ የጭካኔ ቦታዎችንም አዘግተዋል። አካል ጉዳተኛው በተመልካች ፊት የሚታዘንለት ሰው መሆኑ ቀርቶ ባለመብት ሆኖ የታየው ግን ተራኪነቱ ወደ ባለታሪኩ ሲተላለፍ ነው። ይህም ሽግግር ገና አልተፈጸመም።

(በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት፣ ሌላ ካልተገለጸ በቀር፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

2. ሁለት ድምፅ በአንድ ፊልም

ወደ አሜሪካ ከመሻገራችን በፊት ለሥነ ጽሑፍ ሰው ቅርብ ከሆነ አንድ ምሳሌ እንነሣ። ፎሩግ ፋሮክዛድ በኢራን ዘመናዊ ግጥም ስማቸው በግንባር ቀደምትነት ከሚጠራው አንዷ ናቸው። በ1962 ታብሪዝ ከተማ አጠገብ ወደሚገኝ የሥጋ ደዌ ሕሙማን መኖሪያ ሄደው «ቤቱ ጥቁር ነው» የተሰኘ፣ ከግማሽ ሰዓት የማይበልጥ ዘጋቢ ፊልም ሠሩ። በፊልሙ ሁለት ተራኪዎች ይሰማሉ። አንደኛው የወንድ ድምፅ ሲሆን ስለ በሽታው ጠባይ፣ በጊዜ ከታከመም ሊድን ስለ መቻሉ በሐኪም አነጋገር ያስረዳል። ሁለተኛው የገጣሚዋ የራሳቸው ድምፅ ነው። ከብሉይ ኪዳን መጻሕፍትና ከግጥማቸው እያዋሐዱ የሚያነቡት ቃል ከምስሉ በላይ እንደ ጸሎት ይወርዳል።

ሁለቱም ድምፆች ከውጭ የመጡ ናቸው፤ አንዱ በእውቀት፣ ሌላው በርኅራኄ ይናገራል። የመኖሪያው ሰዎች ራሳቸው የሚሰሙት ወደ መጨረሻው በመማሪያ ክፍል ውስጥ ነው። መምህሩ አንዱን ልጅ ጥቂት አስቀያሚ ነገሮች እንዲጠራ ሲጠይቁት ልጁ እጅን፣ እግርንና ራስን ይጠራል፤ ክፍሉም በሣቅ ይሞላል። ይህን መልስ ከሁለቱ ተራኪዎች ማንኛቸውም ሊሰጡት አይችሉም ነበር። ሐኪሙ እንዲህ ቢል ጭካኔ፣ ገጣሚዋ ቢሉት ደግሞ ከልክ ያለፈ ሐዘን ይሆን ነበር። በልጁ አፍ ግን ቀልድ ሆነ፤ ቀልዱንም ከሁሉ በፊት የገባቸው የዚያው ክፍል ልጆች ናቸው። ከዚህ በታች የምንመለከታቸው ፊልሞች ታሪክ የዚህ ልጅ ድምፅ ከፊልሙ ዳር ተነሥቶ ወደ መሐሉ የመጣበት ታሪክ ነው ለማለት ይቻላል።

3. ብሪጅዎተር፦ ያልተጠየቁ ሰዎች

በ1966 ፍሬድሪክ ዋይዝማን የተባሉ የሕግ መምህር በማሳቹሴትስ ክፍለ ግዛት ወደሚገኘው የብሪጅዎተር ሆስፒታል ካሜራ ይዘው ገቡ። ቦታው በወንጀል ተከስሰው ወይም ተፈርዶባቸው የአእምሮ ሕመምተኛ የተባሉ ሰዎች የሚጠበቁበት ነበር። በ1967 ለሕዝብ የቀረበው «ቲቲከት ፎሊስ» የተሰኘው ፊልም አስረጂ ተራኪ የለውም፤ ሙዚቃም አልተጨመረበትም። ከልክለው ራቁታቸውን የሚያቆዩአቸውን ሰዎች፣ ጠባቂዎች ሲያፌዙባቸው፣ አንድ ምግብ አልበላም ያሉ ሰው በአፍንጫቸው በገባ ቱቦ እየተመገቡ ሐኪሙ ሲጋራ በአፋቸው ይዘው ሲያፈሱ ያሳያል። በዚሁ ትዕይንት መካከል የእኒያው ሰው አስከሬን ለቀብር ሲዘጋጅና ጢማቸው ሲላጭ እየተቆራረጠ ይገባል። «ያለ ተራኪ» የተባለው ፊልም ተራኪው ማን እንደ ሆነ የሚገልጠው በዚህ ቦታ ነው። ሬሳውን ከቱቦው ጎን ያስቀመጠው እጅ ከማንኛውም ማብራሪያ የበለጠ ተናግሯል።

በፊልሙ ውስጥ የሚናገሩ ሕሙማን አሉ። አንድ ወጣት ወደ ተራ እስር ቤት እንዲመለሱ በሐኪሞች ጉባኤ ፊት ቀርበው ይከራከራሉ፤ ቦታው እያሳመማቸው መሆኑን በተከታታይ ነጥቦች ያስረዳሉ። ከወጡ በኋላ ጉባኤው መድኃኒታቸው እንዲጨመር ይወስናል። ክርክራቸው እንደ ክርክር አልተቆጠረም፤ የሕመም ምልክት ሆኖ ተመዘገበ። ሰው የመናገር ችሎታውን ሳያጣ ከተናጋሪነት እንዴት ሊወጣ እንደሚችል ከዚህ ትዕይንት በተሻለ የሚያሳይ ማግኘት ያስቸግራል።

ከዚያ የተከተለው የፍርድ ቤት ታሪክ ከፊልሙ የማይተናነስ ትምህርት አለው። የክፍለ ግዛቱ ባለ ሥልጣኖች የሕሙማኑ ገመና ተደፍሯል ብለው ከሰሱ። በ1968 ዳኛው ፊልሙ ከማንኛውም ትርኢት እንዲታገድ ፈረዱ። በ1969 ከፍተኛው የክፍለ ግዛቱ ፍርድ ቤት ፍርዱን አሻሽሎ ሐኪሞች፣ የሕግ ሰዎች፣ የማኅበራዊ አገልግሎት ሠራተኞችና የእነዚህ ሙያዎች ተማሪዎች ብቻ እንዲያዩት ፈቀደ። እገዳው ሙሉ በሙሉ የተነሣው በ1991 ነው። በእነዚህ ዓመታት ፊልም ሠሪው «ሕዝብ የማወቅ መብት አለው» ሲሉ፣ መንግሥት ደግሞ «ሕሙማኑ የገመና መብት አላቸው» ሲል ተከራክረዋል። ሕሙማኑን ራቁታቸውን ያቆየው አካል ስለ ገመናቸው ጠበቃ ሆኖ መቆሙ የሚያስገርም ነው። ይሁንና በፊልም ሠሪው ወገንም ቢሆን የተቀረጹት ሰዎች ፈቃድ በምን ያህል ተጠይቋል የሚለው ነጥብ እንዲህ በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። ሁለቱም ወገኖች ስለ «እነሱ» ተናገሩ፤ «እነሱ» ግን በክርክሩ ውስጥ ድምፃቸው አልተሰማም።

4. ዊሎብሩክ፦ ቁልፍ፣ ካሜራና አንድ ተናጋሪ

ሁለተኛው ምሳሌ በኒው ዮርክ ስታተን አይላንድ የነበረው የዊሎብሩክ ትምህርት ቤት ነው። «ትምህርት ቤት» ይባል እንጂ የአእምሮ እድገት ውሱንነት አለባቸው የተባሉ ሕፃናትና አዋቂዎች ተከማችተው የሚኖሩበት ግቢ ነበር። ለ4,000 ሰዎች ተሠርቶ በ1960ዎቹ አጋማሽ ከ6,000 በላይ ይዞ ነበር። በ1965 ሴናተር ሮበርት ኬኔዲ ጎብኝተውት የእባብ ጉድጓድ ሲሉ አወገዙት፤ ቢሆንም ብዙ አልተለወጠም። በ1971 መጨረሻ የአካባቢው ጋዜጣ ጉዳዩን ማጋለጥ ጀመረ። ወላጆችም ተደራጅተው ተነሡ። ወላጆቹን ያደራጁ ከነበሩት ሐኪሞች አንዱ ማይክል ዊልኪንስ በጥር 1972 ከሥራ ተባረሩ። የሕንፃው ቁልፍ ግን በእጃቸው ቀርቶ ነበርና ወጣቱን የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ ሄራልዶ ሪቬራን ከካሜራ ባለሙያዎች ጋር ይዘው ገቡ።

የተቀረጸው ምስል በኒው ዮርክ ቤቶች ውስጥ ሲታይ አገር ደነገጠ። በጨለማ ክፍል ውስጥ ራቁታቸውን ወይም በከፊል ለብሰው ወለል ላይ የተኮራመቱ ልጆች ታዩ። ሪቬራ የሚታየውንና የሚሰማውን ለማቅረብ ቢችሉም ሽታውን ለተመልካች ማድረስ እንደማይችሉ ተናገሩ። ይህ አነጋገር የሦስተኛ መደብ ተራኪ ኃይልና ወሰን በአንድነት የሚታይበት ነው። ተራኪው «እኔ ገብቼ አየሁ» ይለናል፤ እኛም በእሳቸው ዓይን እናያለን፤ እዚያ የሚኖሩት ግን የሚታዩ እንጂ የሚያዩ አይደሉም።

ከዚህ የሚለይ አንድ ክፍል አለ። በርናርድ ካራቤሎ ሴሬብራል ፓልሲ ያለባቸው ወጣት ነበሩ። የአእምሮ ጉድለት አለበት ተብለው በሦስት ዓመታቸው ገብተው 18 ዓመት በዊሎብሩክ ቆይተዋል። ሪቬራ ማይክሮፎኑን ወደ እሳቸው ሲያቀርቡ ቃላቸው ለጆሮ ቢያስቸግርም የኖሩትን በራሳቸው አንደበት ተናገሩ። ተመልካቹ «አእምሮ የለውም» የተባለ ሰው ስለ ራሱ ሲያስረዳ ሰማ፤ ግቢው የቆመበት ሐሳብ የተናደው በዚህ ደቂቃ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ካራቤሎ በዚያው ዓመት ከግቢው ወጥተው ዕድሜያቸውን ለሌሎች መብት በመቆም አሳለፉ፤ አካል ጉዳተኞች ስለ ራሳቸው የሚሟገቱበትን የኒው ዮርክ ማኅበር ከመሠረቱትም አንዱ ሆኑ።

የፊልሙን ውጤት ማሳነስ አይገባም። በመጋቢት 1972 ወላጆችና የመብት ጠበቆች ክስ መሠረቱ፤ በ1975 ክፍለ ግዛቱ ነዋሪዎቹን ከግቢው እያወጣ በኅብረተሰቡ መካከል እንዲያኖር የሚያስገድድ፣ በስምምነት ላይ የቆመ ፍርድ ተሰጠ፤ በ1987 ዊሎብሩክ ተዘጋ። ከግቢው ከፊሉ ዛሬ የኮሌጅ ቅጥር ግቢ ነው። በሌላ በኩል ግን፣ ርኅራኄ የተዘጋውን በር ይከፍት ይሆናል እንጂ ከበሩ የወጣው ሰው አውቶቡስ እንዲሳፈር፣ እንዲማር፣ እንዲቀጠር አያደርግም። ለዚህ ሌላ ዓይነት ተናጋሪ አስፈለገ።

5. ካሜራውን የያዘው ልጅ

ዊሎብሩክ በቴሌቪዥን ከመታየቱ ከጥቂት ወራት በፊት፣ በ1971 በጋ፣ በዚያው በኒው ዮርክ ክፍለ ግዛት በካትስኪል ተራሮች ሌላ ካሜራ ይሠራ ነበር። ካምፕ ጄንድ በ1951 ለአካል ጉዳተኛ ወጣቶች የተከፈተ የበጋ መዝናኛ ሠፈር ነበር። «የሕዝብ ቪዲዮ ቲያትር» የተባለ ቡድን በዚያን ጊዜ አዲስ የነበረውን ተንቀሳቃሽ የቪዲዮ ካሜራ ይዞ መጣና ለራሳቸው ለወጣቶቹ ሰጣቸው። ከአከርካሪ ችግር ጋር የተወለደ ጂም ለብሬክት የተባለ ጎረምሳ በተሽከርካሪ ወንበሩ እየተንቀሳቀሰ ሠፈሩን ቀረጸ። ካሜራው ያለው በወንበሩ ከፍታ ነው፤ ቆሞ የሚሄደው ሰው በዚህ ፊልም ውስጥ ወደ ላይ አንጋጠው የሚያዩት ሆነ።

ከዚያ ቅጂ ውስጥ አንድ ትዕይንት በተለይ ሊነሣ ይገባል። ወጣቶቹ ክብ ሠርተው ስለ ወላጆቻቸው ይወያያሉ። ንግግሯ ለመረዳት እጅግ የሚያስቸግር አንዲት ወጣት ተራዋ ደርሶ ትናገራለች። ማንም አያቋርጣትም፤ ማንም ቃሏን ቀምቶ አይጨርስላትም። ስትጨርስ አጠገቧ ያለ ወጣት የተረዳውን ለሌሎች ያስረዳል፤ የተናገረችው ስለ ገመና፣ ሰው ብቻውን የመሆን መብት ስላለው መሆኑ ይታወቃል። በብሪጅዎተር ጉዳይ ጠበቆችና ባለ ሥልጣኖች ለዓመታት የተከራከሩበትን ያንኑ ሐሳብ እዚህ ባለጉዳይዋ በራሷ አንደበት አነሣችው። ፊልሙም ንግግሯን ባለመቁረጡ ተመልካቹ እንደ ጓደኞቿ እንዲጠብቅ ያስገድደዋል።

በጄንድ ከነበሩት አንዷ ጁዲት ሁማን ናቸው። በሕፃንነታቸው በፖሊዮ ታመው በተሽከርካሪ ወንበር ይንቀሳቀሱ ነበር፤ መዋዕለ ሕፃናት ሊገቡ ሲሉ ወንበራቸው ለእሳት አደጋ እንቅፋት ይሆናል ተብለው ተከለከሉ። በ1970 የመምህርነት ፈቃድ ሲነፈጋቸው ከሰው ረቱ። በ1973 የወጣው የመልሶ ማቋቋም ሕግ በክፍል 504 የፌደራል ገንዘብ የሚቀበል ተቋም አካል ጉዳተኛን እንዳያገል ደነገገ፤ ማስፈጸሚያ ደንቡ ግን ሳይፈረም አራት ዓመት ገደማ ተጓተተ። ሚያዝያ 5 ቀን 1977 ከመቶ በላይ አካል ጉዳተኞችና ደጋፊዎቻቸው ሳን ፍራንሲስኮ የሚገኘውን የፌደራል ሕንፃ ይዘው ተቀመጡ። ስልክ ሲቋረጥባቸው መስማት የተሳናቸው ጓዶቻቸው በመስኮት በምልክት ቋንቋ ከውጭ ካሉት ጋር ተነጋገሩ፤ የብላክ ፓንተር ፓርቲ አባላትም ምግብ አመጡላቸው። በሕንፃው ውስጥ በተደረገ ምስክርነት ሁማን ድምፃቸው በእንባ እየተቆራረጠ፣ ፊት ለፊታቸው ያለው ባለ ሥልጣን ያልገባውን እንደ ገባው አድርጎ ራሱን መነቅነቁን እንዲያቆም ነገሩት። ርኅራኄን የሚከለክል እንዲህ ያለ ቃል በዊሎብሩክ ፊልም ውስጥ ሊነገር አይችልም ነበር። ሚያዝያ 28 ቀን ደንቡ ተፈረመ። የዚህ ትግል ተከታይ የሆነው የአሜሪካ አካል ጉዳተኞች ሕግ ሐምሌ 26 ቀን 1990 ጸደቀ።

የጄንድ ቅጂ ለብዙ ዓመታት ተረስቶ ቆየ። ያ ጎረምሳ አድገው የድምፅ ባለሙያ ሆኑ፤ ከኒኮል ኒውናም ጋር በመሆንም ቅጂውን አግኝተው በ2020 «ክሪፕ ካምፕ» የተሰኘውን ፊልም ሠሩ። በዚህ ፊልም ውስጥ የዊሎብሩክ ምስልም ይታያል። ትርጉሙ ግን ተለውጧል። በ1972 ተመልካቹን «እነዚህን ተመልከቱ» ይለው የነበረው ምስል አሁን ለብሬክት በሚተርኩት ታሪክ ውስጥ ሲገባ «እኛም እዚያ ልንሆን እንችል ነበር» የሚል ሆነ። ምስሉ አንድ ሆኖ ሳለ የተራኪው መደብ ሲለወጥ ፍቺው እንደሚለወጥ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አያሻም።

6. ወደ አማርኛ ሲመጣ

የፊልሙ ርእስ ራሱ ለተርጓሚ ፈተና ነው። «ክሪፕ» በእንግሊዝኛ የስድብ ቃል ቁራጭ ሲሆን ባለጉዳዮቹ ራሳቸው አንሥተው መጠሪያቸው አድርገውታል። በአማርኛ «የአካል ጉዳተኞች ካምፕ» ቢባል ጨዋ ይሆናል፤ ድፍረቱ ግን ይጠፋል። «የሽባዎች ካምፕ» ቢባል ድፍረቱ ይገኛል፤ ከውጭ ሰው አፍ ከወጣ ግን ያው ስድብ ነው። ስለዚህ ቃሉ ስድብ መሆን አለመሆኑን የሚወስነው መዝገበ ቃላቱ ብቻ ሳይሆን የሚናገረው ሰው ነው።

አማርኛ በዚህ ረገድ ከእንግሊዝኛ የበለጠ ያጋልጣል። እንግሊዝኛው በአንድ ቃል የሚያልፈውን እኛ «መጣ» ወይም «መጡ»፣ «አንተ» ወይም «እርስዎ» ብለን መምረጥ ግዴታችን ነው። በቤተ ክርስቲያን ደጅ የተቀመጡ ዐይነ ስውር አዛውንት ከልጅ እንኳ ሳይቀር «አንተ» ሲባሉ እንሰማለን፤ እኒያው ሰው ጉባኤ ዘርግተው ቅኔ ሲያስተምሩ ብናገኛቸው ግን «የኔታ» ብለን ጉልበት እንስማለን። ዓይናቸው አልተለወጠም፤ የተለወጠው ተናጋሪና አድማጭ የያዙት ስፍራ ነው። እንዲህ ያለ ፊልም ወደ አማርኛ የሚመልስ ሰው በእያንዳንዱ ግሥ ላይ ይህን ፍርድ ይሰጣል።

በአገራችን የተሠራ አንድ ፊልም ሌላውን ገጽ ያሳየናል። በ2007 ለሕዝብ የቀረበው «ኤ ዎክ ቱ ቢውቲፉል» በወሊድ ጊዜ በደረሰባቸው የፌስቱላ ጉዳት ከሰው ተገልለው የኖሩ አምስት ኢትዮጵያውያት ከገጠር ተነሥተው፣ ካትሪንና ሬጂናልድ ሐምሊን በ1974 ወደ መሠረቱት የአዲስ አበባ የፌስቱላ ሆስፒታል ያደረጉትን ጉዞ ይከተላል። ሴቶቹ የደረሰባቸውን በራሳቸው ቋንቋ ይናገራሉ፤ በዚህ ረገድ ፊልሙ ከብሪጅዎተር እጅግ የራቀ ነው። ሴራው ግን የፈውስ ሴራ ነው፦ ጉዳት፣ መገለል፣ ጉዞ፣ ሐኪም፣ አዲስ ልብስ ለብሶ ወደ ቤት። ሆኖም ከአምስቱ ሁሉም በቀዶ ሕክምና ፍጹም አልዳኑም፤ ፊልሙም ይህን አልደበቀም። ሴራው ሊይዘው ያልቻለው ጥያቄ የሚነሣው እዚህ ላይ ነው፤ ያልዳነ ሰው ታሪኩ እንዴት ያልቃል? በጄንድ ማንም አልዳነም፤ ሊድን የሄደም አልነበረም። ያ ፊልም የሚያልቀው በፈውስ ሳይሆን በሕግ ነው።

የአሳሳል ጉዳይ በእኛም ሕግ ውስጥ ገብቷል። በ1994 የወጣው የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት አዋጅ ለእነሱ ተለይተው የሚያዙ የሥራ መደቦችን ይፈቅድ ነበር። ይህን የተካው አዋጅ ቁጥር 568/2000 (እ.ኤ.አ. 2008) በመግቢያው፣ የቀድሞው ሕግ ቦታ ለይቶ በመያዙ አካል ጉዳተኞች በችሎታቸው ተወዳድረው መሥራት የማይችሉ ናቸው የሚል ምስል መፍጠሩን ይገልጻል። በቀና ልብ የተሰጠ ችሮታ ሰውን በሦስተኛ መደብ ሊያስቀር እንደሚችል ሕግ አውጪው ራሱ የመሰከረበት ነው። ኢትዮጵያ የአካል ጉዳተኞችን መብት የሚመለከተውን ዓለም አቀፍ ስምምነት በ2010 አጽድቃለች። በሕፃንነታቸው ዓይናቸውን ያጡት የሕግ ባለሙያ የትነበርሽ ንጉሤም በ2017 ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ዓለም አቀፍ ሽልማት ሲቀበሉ የታወቁት በመብት ተሟጋችነታቸው ነው።

7. ማጠቃለያ

ከላይ የቀረበው ታሪክ «እነሱ» የሚለው ተራኪ ክፉ፣ «እኛ» የሚለው ደግ ነው ለማለት አይደለም። የዊሎብሩክ በር የተከፈተው ከውጭ በመጣ ካሜራ ነው። «እኛ» የሚለውም ተራኪ የራሱ ጥላ አለው። ካሜራ ሊይዙ፣ አደባባይ ወጥተው ሊከራከሩ የቻሉት በአብዛኛው ንግግርና ትምህርት የነበራቸው ናቸው። በዊሎብሩክ ወለል ላይ ከታዩት ብዙዎቹ ግን ቃል አልነበራቸውም፤ በ«እኛ» ውስጥ መቆጠራቸው በሌሎች መልካም ፈቃድ ላይ የተመሠረተ ነው። በ2020 በተሠራው ፊልም ውስጥ እንኳ ስለ እነሱ የተነገረው በሌላ አንደበት ነው።

ያም ሆኖ ከጄንድ የቀረልን አንድ ትምህርት አለ። ያቺ ወጣት ስትናገር ጓደኞቿ ያደረጉት ሁለት ነገር ነበር፦ በመጀመሪያ እስክትጨርስ ጠበቁ፤ ቀጥሎ የሰሙትን ለሌላው አስረዱ። ቅደም ተከተሉ ቢገለበጥ፣ ማስረዳቱ ከመጠበቁ ቢቀድም፣ ወደ ብሪጅዎተር እንመለስ ነበር። ተራኪነትን የሚያጠና ተማሪ ዘጋቢ ፊልምንም ሆነ ልቦለድን በዚሁ መስፈርት ሊመዝን ይችላል። ሥራው ባለታሪኩን እስኪጨርስ ጠብቋልን? በእኛስ ልቦለድ ውስጥ በደጀ ሰላም ተቀምጠው የሚያልፉት ዐይነ ስውራን ስንት ጊዜ ተናግረው ጨረሱ? ይህን ጥያቄ ለሚቀጥለው ጥናት እናቆየዋለን።